የጳጉሜን ዕዳ

በአንድ ቀንና በሌላ ቀን መካከል ስንት ቀን እንዳለ በጣትና በቃል ብቻ ለማስላት የኢትዮጵያን ዘመን አቆጣጠር ያህል የተመቸ የቀን መቁጠሪያ ማግኘት ያስቸግራል፤ ዐሥራ ሁለቱ ወራት አንዱ ከሌላው ሳይበልጥና ሳያንስ ሠላሳ ሠላሳ ቀን ስለያዙ፣ ቆጣሪው ወሩን በሠላሳ አባዝቶ ትርፉን ቀን ከመጨመር በስተቀር ሌላ ድካም የለበትም። በፈረንጆቹ አቆጣጠር የሚያሰላ ሰው ግን የትኛው ወር 31፣ የትኛው 30፣ የትኛው 28 ቀን እንዳለው ለማስታወስ እጁን ጨብጦ የጣቶቹን አንጓና በአንጓዎቹ መካከል ያለውን ስርጉድ ተራ በተራ ሲነካ ይታያል፤ አንጓው 31 ቀን ያለው ወር፣ ስርጉዱ ደግሞ ያነሰ ቀን ያለው ወር መሆኑ ነው። ይህ ሁሉ ምቾት እያለ ግን በጌዴኦ ዞን፣ ዲላ ከተማ ውስጥ ሁለት ሰዎች ከክረምቱ አጋማሽ እስከ ቡና ለቀማ ያሉትን ቀኖች ቆጥረው ሁለት የተለያየ ቁጥር ይዘው ቢነሡ ማንም አይደነቅም፤ ሊያስታርቃቸው የገባው ሦስተኛ ሰው ሦስተኛ ቁጥር ቢጨምርም እንደዚያው። የጠቡ ምንጭ የማባዛትና የመደመር ድክመት አይደለም። ምንጩ ሁለት ነው፤ አንደኛው ቆጠራው ከየትኛው ቀን ይጀምራል የሚለው ሲሆን፣ ሁለተኛው ጳጉሜን ናት።

በቅድሚያ ጠብ የማያስነሣውን ቆጠራ ማየት ይጠቅማል። የጌዴኦ ዞን ሕዝብ ከሌሎች የደቡብ ዞኖችና ልዩ ወረዳዎች ጋር አዲስ ክልል ለመመሥረት ድምፅ የሰጠው ጥር 29 ቀን 2015 ዓ.ም. ሲሆን፣ የደቡብ ኢትዮጵያ ክልል በይፋ የተመሠረተው በዚያው ዓመት ነሐሴ 13 ቀን ነው። ከጥር እስከ ነሐሴ ሰባት ወር በመሆኑ ሰባት ጊዜ ሠላሳ 210 ይሆናል፤ 13 ከ29 በ16 ስለሚያንስ 16 ሲቀነስ 194 ቀን ይቀራል። ሒሳቡ ማንኪያ የስኒ ቡና እስኪያማስል ድረስ ያልቃል፤ የሚከራከርበትም ሰው የለም።

ክርክሩ የሚመጣው ዓመቱ ሲገለበጥ ነው። የጌዴኦ መልክዓ ምድር፣ ማለትም ቡናና እንሰት በትላልቅ አገር በቀል ዛፎች ጥላ ሥር ተደራርበው የሚበቅሉበት፣ ጥንታዊ ትክል ድንጋዮችም የቆሙበት ደጋና ወይና ደጋ፣ ሪያድ ላይ በተደረገው ጉባኤ በዩኔስኮ የዓለም ቅርስ መዝገብ የሰፈረው መስከረም 6 ቀን 2016 ዓ.ም. ነው። ክልሉ ከተመሠረተበት ከነሐሴ 13 እስከዚህ ቀን ስንት ቀን አለ ተብሎ ቢጠየቅ፣ አራት ሰዎች አራት መልስ ይሰጣሉ፤ አራቱም መልሳቸውን በልበ ሙሉነት ነው የሚሰጡት። የመጀመሪያው ከነሐሴ 13 እስከ ነሐሴ 30 ያሉትን 17 ቀኖች ከመስከረሙ 6 ጋር ደምሮ 23 ይላል፤ ይህ ሰው ጳጉሜንን ጨርሶ ዘሏታል። ሁለተኛው ጳጉሜን ትዝ ብላው አምስት ቀን ጨምሮ 28 ይላል። ሦስተኛው 2015 ዓ.ም. ዘመነ ሉቃስ እንደነበረ፣ ዘመነ ሉቃስ ሲያልቅም ጳጉሜን ስድስት ቀን እንደምትሆን ያስታውስና 29 ይላል። አራተኛው ደግሞ ነሐሴ 13ን ራሱን እንደ አንደኛ ቀን ይዞ 30 ይላል፤ «ያ ቀን ቀን አይደለም እንዴ?» ብሎ ሲጠይቅም መልስ የሚያገኝለት ሰው በቀላሉ አይገኝም።

ዳኛው የሳምንቱ ዕለት ነው። ነሐሴ 13 ቅዳሜ፣ መስከረም 6 እሑድ ነበር፤ ስለዚህ በመካከላቸው ያለው ቁጥር ለሰባት ሲካፈል አንድ ሊተርፈው ይገባል። 28 ለሰባት ያለ ትርፍ ስለሚካፈል ቅዳሜን ወደ ቅዳሜ ይመልሳል እንጂ እሑድ አያደርስም፤ 23 ደግሞ ሁለት ይተርፈዋልና ሰኞ ላይ ይጥላል። 30ም እንዲሁ ሰኞ ላይ ያደርሳል፤ ነገር ግን የአራተኛው ሰው ስሕተት ከቁጥሩ ይልቅ የጥያቄው ነው፤ የቆጠረው ያለፉትን ቀኖች ሳይሆን ስም የተጠራላቸውን ቀኖች ነው። ያለፈው ጊዜ 29 ቀን ነው፤ በግድግዳ ካላንደር ላይ በጣት የሚነኩት ሳጥኖች ግን በእርግጥም 30 ናቸው። በዓለም ላይ ያለው የቀን ቆጠራ ጠብ ሁሉ ግማሹ ከዚህች አንድ ቀን የመጣ ሳይሆን አይቀርም።

የዕለቱን ስም በእጁ ያላገኘ ሰውም ቢሆን መውጫ አለው፤ ይኸውም ባሕረ ሐሳብ የሚባለው የቤተ ክርስቲያን የዘመን ቀመር ነው። ዓመተ ምሕረቱ ላይ 5500 ሲጨመር ዓመተ ዓለም ይገኛል፤ ለ2016 ዓ.ም. 7516 መሆኑ ነው። ይህ ለአራት ተካፍሎ የሚገኘው 1879 መጠነ ራብዒት ይባላል። ሁለቱ ተደምረው 9395 ሲሆኑ፣ ድምሩ ለሰባት ሲካፈል የሚተርፈው ቁጥር ዓመቱ የጀመረበትን ዕለት ያሳያል፤ አንድ ከተረፈ ማክሰኞ፣ ሁለት ከተረፈ ረቡዕ እያለ ይሄዳል። እዚህ ላይ የሚተርፈው አንድ ነውና የ2016 መስከረም 1 ማክሰኞ ነበር፤ ከማክሰኞ አምስት ቀን ሲኬድ ደግሞ መስከረም 6 እሑድ ላይ ይደረሳል። ሦስተኛው ሰው ረታ ማለት ነው። ቀመሩን ያወጣው በትውፊት እንደሚነገረው የእስክንድርያው ዐሥራ ሁለተኛ ፓትርያርክ ዲሜጥሮስ ሲሆን፣ ለመንበሩ ከመመረጡ በፊት የወይን አትክልት ይንከባከብ ነበር ይባላል፤ የሚለቅሙበትን ቀን እየቆጠሩ የሚያድሩት የይርጋ ጨፌና የወናጎ ቡና አምራቾች የሥራ ባልደረባቸው ቢያደርጉት አያሳፍራቸውም። የጌዴኦ ዞን ነዋሪ አብዛኛው የወንጌላውያን አብያተ ክርስቲያናት አማኝ ቢሆንም የሊቃውንቱ ቀመር ያወጣው ካላንደር በየቤቱና በየሱቁ ግድግዳ ላይ ተሰቅሏል፤ ጳጉሜንም የማንንም ሃይማኖት ሳትጠይቅ ትገባለች።

ከሁለቱ ምንጮች የመጀመሪያው፣ የመነሻው ቀን ይቆጠራል ወይስ አይቆጠርም የሚለው፣ የዲላ ሰዎች ብቻ ችግር አይደለም። አማርኛ ተናጋሪ ሁሉ «የዛሬ ስምንት» ብሎ ሲቀጥር ሰባት ቀን ማለቱ ነው፤ «የዛሬ ዐሥራ አምስት» ሲል ደግሞ ዐሥራ አራት ቀን። ሁለት ስምንት ዐሥራ ስድስት መሆን ሲገባው እንዴት ዐሥራ አምስት እንደሆነ የሚጠይቅ ሰው የለም፤ ሁሉም በቀጠሮው ቀን ይገናኛልና። ዓርብ ተሰቅሎ እሑድ የተነሣው ጌታ በሦስተኛው ቀን ተነሣ መባሉም በዚሁ ልማድ ነው፤ መነሻውም መድረሻውም ይቆጠራሉ። ልማዱ ክፉ ሆኖ የተገኘው ሮም ላይ ነው። ዩልዮስ ቄሣር በየአራት ዓመቱ አንድ ቀን እንዲጨመር ካዘዘ በኋላ እርሱ ሲሞት፣ የዘመን ቆጠራው ኃላፊዎች የነበሩት ካህናት ቀኑ የተጨመረበትን ዓመት ራሱን እንደ አንደኛ ዓመት ቆጥረው በየሦስት ዓመቱ ይጨምሩ ጀመር፤ ይህን 36 ዓመት ሙሉ ሲያደርጉ ዘጠኝ መጨመር የነበረበት ቀን ዐሥራ ሁለት ሆነ። አውግስጦስ ቄሣር የተረፉት ሦስት ቀኖች እስኪዋጡ ድረስ ለጥቂት ዓመታት ምንም ቀን እንዳይጨመር አዘዘ። የአንድ ታላቅ መንግሥት ካህናት በዚህ ከተሳሳቱ፣ የአንድ ዕድር ጸሐፊ ቢሳሳት ይቅር ሊባል ይገባዋል።

የዕድር ጸሐፊ ነገር ከተነሣ፣ ቆጠራው የሚከብደው አርባ ሲወጣ ነው። በኦርቶዶክሳውያን ዘንድ ለሞተ ሰው በአርባኛው ቀን ጸሎትና ተዝካር ይደረጋል፤ ወንድ ልጅ በአርባ፣ ሴት ልጅ በሰማንያ ቀን ክርስትና ይነሣሉ። የዕረፍቱ ቀን ራሱ እንደ አንደኛ ቀን ሲቆጠር መስከረም 1 ያረፈ ሰው አርባው ጥቅምት 10 ነው፤ በአጭሩ በቀጣዩ ወር ዘጠኝ ቀን መጨመር ይበቃል። ነሐሴ 20 ያረፈ ሰው ግን ይህን አቋራጭ ያበላሸዋል። በአቋራጩ የሄደ ቤተሰብ ለመስከረም 29 ድንኳን ሲከራይና ጠላ ሲጠምቅ፣ ትክክለኛው አርባ መስከረም 24 ላይ ያለ አንድ እንግዳ ያልፋል፤ ዘመነ ሉቃስ ሆኖ ጳጉሜን ስድስት ከሆነች ደግሞ መስከረም 23 ላይ። የልደት ጉዳይ ሌላ ጣጣ አለው። ሰኞ ከምሽቱ በአራት ሰዓት የተወለደች ሕፃን በሆስፒታሉ ካርድ ላይ የሰኞ ልጅ ናት፤ አያቷ ግን ማታው ለማክሰኞ አጥቢያ ስለሆነ የማክሰኞ ልጅ ያደርጓታል፤ ሰማንያዋም እንደ ቆጣሪው በአንድ ቀን ይለያያል። በእንዲህ ያለ ጊዜ የአያትየው ቁጥር እንደሚጸና ለመገመት ሊቅ መሆን አያስፈልግም።

ቤተ ክርስቲያን ራሷ ግን በዚህ ጉዳይ ላይ ያሳየችው ጥንቃቄ ከማንም ባንክ የላቀ ነው። ከመጋቢት 29፣ ከፅንሰቱ በዓል፣ እስከ ታኅሣሥ 29፣ እስከ ልደት ድረስ ዘጠኝ ወር ከአምስት ቀን ይቆጠራል፤ ዘጠኙ ወር 270 ቀን ሲሆን አምስቷ የጳጉሜን ናት፤ ድምሩ 275 ነው። ጳጉሜን ስድስት በምትሆንበት ጊዜ ግን ቁጥሩ 276 ሊሆን ስለሚመጣ፣ በቀጣዩ ዓመት፣ በዘመነ ዮሐንስ፣ ልደት በአንድ ቀን ወደ ኋላ ተስቦ ታኅሣሥ 28 ይከበራል። ብዙ ሰው በዚያ ዓመት ገና ለምን በ28 እንደዋለ ግራ ገብቶት ካላንደሩን ያማል፤ ካላንደሩ ግን የቀኑን ስም ለውጦ የቀኑን ብዛት አልለወጠም። ቀን ቆጣሪዎች ሁሉ ሊማሩበት የሚገባ አሠራር ቢኖር ይህ ነው፤ ከስሙና ከብዛቱ አንዱ ብቻ ሊጸና በሚችልበት ጊዜ ብዛቱ ይጸናል።

ጳጉሜን በጌዴኦ ምድር ከሌላው ቦታ ይልቅ የምትከብድበት ምክንያት ቡና ነው። በዞኑ የቡና ለቀማ ከጥቅምት ጀምሮ እስከ ጥር ባለው ጊዜ ውስጥ ይካሄዳል፤ የቤተሰቡ እጅ የሚያጥረው ደግሞ ከለቀማው በፊት ባለው ክረምት ነው። ስለዚህ በሐምሌ ወይም በነሐሴ ተወስዶ «ቡናው ሲደርስ» የሚመለስ ብድር ሁሉ ሳይወድ በግድ በጳጉሜን በኩል ያልፋል። በሐምሌ 20 ለአራት ወር ተብሎ የተሰጠ ገንዘብ በወር ለሚቆጥር ሰው ኅዳር 20 ይከፈላል፤ ያው ብድር ለ120 ቀን ተብሎ ቢጻፍ ግን የመክፈያው ቀን ኅዳር 15 ነው። ኅዳር አጋማሽ ላይ እሸቱ፣ ማለትም ገና ያልደረቀው ቀይ ቡና፣ እየተለቀመ ለመፈልፈያ ጣቢያዎች በሚቀርብበትና ዋጋውም ከቀን ወደ ቀን በሚለዋወጥበት ሰሞን አምስት ቀን ቀላል ነገር አይደለም። አበዳሪው ወረቀቱን ዘርግቶ 120 ቀን ሲቆጥር ተበዳሪው ወራቱን በስም ይጠራል፤ ሐምሌ፣ ነሐሴ፣ መስከረም፣ ጥቅምት ብሎ በአራት ጣት ሲጨርስ ጳጉሜን በጣቶቹ መካከል ትሾልካለች። ጉዳዩ ሶንጎ፣ ማለትም የጌዴኦ ሽማግሌዎች ተሰብስበው ክርክር የሚፈቱበት ሸንጎ ዘንድ ቢደርስ፣ ሁለቱም ከሳሽና ተከሳሽ ትክክል ቆጥረው መገኘታቸው ሽማግሌዎቹን ከሁሉ በላይ ያስቸግራል።

ቡናው ራሱ ግን በቀን ቆጠራ አይሳሳትም። ከነቅርፊቱ ደርቆ ጀንፈል ሊሆን አልጋ ላይ የተሰጣ ቡና፣ አልጋ ማለት እዚህ ላይ ከመሬት ከፍ ብሎ በሽቦ ወይም በቀርከሃ የተሠራው ማድረቂያ ነው፣ ሁለት ሳምንት ቆየ ወይስ ሦስት የሚለውን ክርክር ከመጤፍ ሳይቆጥር እርጥበቱ ወደ 12 በመቶ ገደማ ሲወርድ ብቻ ይነሣል። ፍሬው በጥርስ ወይም በመሣሪያ ይፈተናል እንጂ «ስንት ቀን ሆነህ?» ተብሎ አይጠየቅም። ለብድር እንዲህ ያለ የእርጥበት መለኪያ አለመገኘቱ የሚያሳዝን ነው። ጌዴኦዎች በደራሮ፣ ማለትም ብዙውን ጊዜ በጥር ወር በሚያከብሩት የምስጋናና የዘመን መለወጫ በዓላቸው የሚቆጥሩ ቢሆን ኖሮ ለቀማውም ብድሩም በአንድ ዓመት ውስጥ ተጠቃልሎ ያልቅ ነበር፤ የባንክና የፍርድ ቤት ወረቀት ግን የሚያውቀው መስከረምን ነው።

የጳጉሜን ጠባይ እንግዳነት ግን የሚገለጠው በደመወዝ ቀን ነው። ሀብተ ሥላሴ ታፈሰ ኢትዮጵያን ለቱሪስቶች ያስተዋወቁበት «የ13 ወር ፀጋ» የሚለው መሪ ቃል የደመወዝ መክፈያ ዝርዝር ከሚያዘጋጁት ሠራተኞች ጠረጴዛ ዘንድ አልደረሰም፤ በዚያ ጠረጴዛ ዓመቱ ዐሥራ ሁለት ወር ነው። ስለዚህ አንድ የመንግሥት ሠራተኛ ጠዋት ቢሮ ውስጥ ጳጉሜን ሥራ የተሠራባት፣ ምግብ የተበላባት፣ ቀን የሆነች ቀን ስለሆነች ሊከፈልባት ይገባል ብሎ ሲከራከር ይውልና፣ ማታ አከራዩ የአምስት ቀን ኪራይ ቢጠይቀው ጳጉሜን ወር አይደለችም ይላል። አከራዩም በበኩሉ ቤቱን ለሠራለት ግንበኛ የሚከፍለው በቀን ስለሆነ፣ ግንበኛው የጳጉሜንን አምስት ቀን ሲቆጥርበት «በዓል መዳረሻ ነው እኮ» ማለቱ አይቀርም። በጠቅላላው ሲታይ ጳጉሜን ለሚቀበል ሰው ቀን፣ ለሚከፍል ሰው ደግሞ የዓመቱ ጭማሪ ናት፤ «የቀን ጎዶሎ» የሚባለውም ነገር ቢሆን ከዚህ የተሻለ ቤት አያገኝም።

ሕግ አውጪዎች ይህን የተረዱ ይመስላል፤ ከባድ ነገር ሲመጣ ወርን ትተው ቀን ይጽፋሉ። የፌዴራሉ የቤተሰብ ሕግ፣ አዋጅ ቁጥር 213/1992፣ ልጅ በጋብቻ ውስጥ እንደተፀነሰ የሚገመትበትን ጊዜ ስድስት ወርና ዐሥር ወር ሳይሆን 180 ቀንና 300 ቀን ብሎ ወስኗል፤ በአባትነት ጉዳይ ላይ ጳጉሜን ገብታ እንድትፈተፍት የፈለገ የለም። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጁ፣ ቁጥር 1156/2011፣ ደግሞ ለወለደች ሠራተኛ የድኅረ ወሊድ ፈቃዷን ተከታታይ 90 ቀን ሲል፣ የመጀመሪያ ዓመት የዓመት ፈቃድን 16 የሥራ ቀን ይላል፤ «የሥራ ቀን» የምትለዋ ሐረግ ሌላ ዓይነት ቆጠራ፣ እሑድና በዓልን የመዝለል ቆጠራ፣ ስለምታመጣ ሠራተኛና የሰው ኃይል ክፍል ሌላ ዙር ይጨቃጨቁባታል።

ጳጉሜን በ600 ዓመት አንድ ጊዜ ሰባት ቀን ትሆናለች የሚል ወሬም አልፎ አልፎ ይሰማል፤ እስከዚያ ሳይከፈል የሚቆይ ብድር ካለ ግን አንዲቷ ቀን የተዋዋዮቹ ትልቁ ችግር አትሆንም። ይልቅ ቅርብ ያለው ያሳስባል። ቀጣዩ ዘመነ ሉቃስ 2019 ዓ.ም. ነው። በዚያ ዓመት ሐምሌ ወይም ነሐሴ ላይ በቡና የሚመለስ ገንዘብ የሚዋዋሉ ሰዎች «ለአራት ወር» ወይም «ለ120 ቀን» ብለው ከመጻፍ ይልቅ የመክፈያውን ቀን ከነዕለቱ ስም በወረቀቱ ላይ ቢያሰፍሩ መልካም ነው፤ ጳጉሜን ያን ጊዜ ስድስት ቀን ትኖራታለች፤ ስድስተኛዋም ቅዳሜ ትውላለች።